ሙዝ የማይገባበት ግቢ

በዚያ የእንጨት ሥራ ቤት ግቢ ሁለት ነገር ይዞ መግባት ክልክል ነው፤ ቂም እና ሙዝ። ቂሙ የተከለከለው እመ ቀፎ ስለማትወደው ነው። ሙዙ የተከለከለው ደግሞ ንቦቿ ሽታው ስለሚያሳብዳቸው ነው። አንድ ጊዜ አንድ ጣውላ አራጋፊ ከኪሱ ሙዝ አውጥቶ መላጥ ሲጀምር ፊቱ እንደ ኩፍ ያለ ሊጥ አብጦ፣ በሰው ትከሻ ተደግፎ ወደ ቤቱ መሄዱን እዚያ የማያወራ የለም። ከሁለቱ ሙዙን መያዝ ቀላል ነው፤ ዘበኛው ዘንቢል ይፈትሻል። ቂምን ግን ማን ይፈትሻል? ለእሱም ቢሆን መላ ነበራቸው። የዚህ ሁሉ ጣጣ መነሻም ያ መላቸው ነው።

እመ ቀፎ ማን ናት ለሚል፣ የቤቱ ሰዎች እንዲህ ይነግሩታል። ሥራ ቤቱን ያቋቋሙት ባለሙያዎች መጀመሪያ ላይ ዓይንህን ለአፈር የሚባባሉ ነበሩ። አንዱ የሠራውን የወንበር እግር ሌላው ማንም ሳያየው ያሳጥራል፣ አንዱ ያለሰለሰውን ሌላው በሚስማር ይቧጭራል። አንድ ቀን ጠዋት ሲመጡ በኋለኛው ክፍል መስኮት ላይ የንብ መንጋ ተንጠልጥሎ አገኙ። መካከሉ ላይ ክንፏ ወለላ የመሰለ ሴት ተቀምጣለች። እጅ የላትም፤ እጆቿ የሠራተኞቹ እጆች ናቸው። ጆሮም የላትም፤ ሰውን የምታውቀው አሽትታ ነው። በእኔ ቤት የሚጠርግ ነገ ይጠርባል፣ የሚጠርብ ከነገ ወዲያ ይጠርጋል፣ ሁሉም ሁሉን በተራ ይሠራል አለቻቸው። እነሱም መስኮቱን ለቀቁላት፤ ቀፎ ሠርተው ፊቱን ወደ ግቢው፣ ጀርባውን ወደ ክፍሉ አድርገው ገጠሙት። ከዚያ ወዲህ ፍቅር ሆነ ይላሉ።

ፍቅር ሆነ የሚሉት እንግዲህ በሰፊው አዳራሽ፣ በመስኮቱ ብርሃን ሥር የሚሠሩት ናቸው። ቀቢው ግን እንዲህ ሲሉ በሰማ ቁጥር ጥርሱን ይነክስ ነበር።

ቀቢው የሚሠራው በዚያች በኋለኛዋ ክፍል ነው። አቧራ ገብቶ እርጥቡ ቫርኒሽ ላይ እንዳይቀመጥ በሩ ሁልጊዜ ይዘጋል። አንድ መስኮት ነበራት፤ እሱንም እመ ቀፎ ወስዳዋለች። እንግዲህ ንቦቹ መስኮት አላቸው፣ እሱ የለውም። አንድ ሰሞን በቀፎው ጀርባ በጣውላው ዳር በመሮ ጫፍ ቀጭን ስንጥቅ ከፍቶ ትንሽ አየር ሊስብ ሞክሮ ነበር። ንቦቹ በማግሥቱ በሙጫቸው ደፍነው ጠበቁት። እንኳን ሰው ንብ እንኳ አየሬን ይመቀኘኛል ብሎ መሮውን ወረወረው።

ያ በተራ የሚባለው ነገር ለእሱ ሲሆን ተረት ሆኖ ቀርቷል። ተራው ደርሶ ልውጣ ባለ ቁጥር «አንተ እኮ እጅህ ለቫርኒሽ ነው የተፈጠረ» ይሉታል። መጀመሪያ ምስጋና መስሎት ደስ ብሎት ነበር፤ በኋላ ግን በሩን ከውጭ የሚዘጉበት ቁልፍ መሆኑ ገባው። ከቀፎው በላይ የተሰቀለችውን የእመ ቀፎን ምስል የጠረበው የእህቱ ባል ነው። ወደ ግቢው የመጣ እንግዳ ሁሉ ምስሏን አይቶ እጅህ ይባረክ የሚለው አማቹን ነው። ያንን ክንፍ ወለላ ያስመሰለው ማን ነው ብሎ የጠየቀ አንድ ሰው የለም። እንጨቱን እንጨት ነው ብለው አለፉት፣ የሚያበራው በራሱ የሚያበራ መሰላቸው።

ቂም መፈተሻው መላ ደግሞ ይህ ነበር። የቤቱ አውራ የሚሆን ሰው፣ ማለት ማን የት ይሥራ ብሎ የሚመድበው፣ በየጥቂት ዓመቱ በቀፎው ፊት ይቆማል። የሥራ ጋዋኑን ሳያጥብ፣ እጁን ሳይታጠብ ነው የሚቆመው፤ እመ ቀፎ የሠራተኛነቱን ሽታ እንድታውቀው። ከዚያ ንቦቹ በሚያርፉባት ጣውላ ላይ መዳፉን ያኖራል። ከጀርባው ሌሎቹ ከንፈራቸውን ገጥመው እንደ ንብ እምም ይላሉ፤ የሰዎቹና የቀፎው ድምፅ አንድ እስኪሆን። ንቦቹ በእጁ ላይ ሄደው ከተመለሱ ልቡ ንጹሕ ነው። ከነደፉት ቂም ይዟል። ሁለት ጊዜ የተነደፈ ይታገሡታል፤ ሦስተኛ የተነደፈ ግን መሣሪያውን ሰብስቦ ከግቢው ይወጣል።

ቀቢው ሁለት ጊዜ ቆሞ ሁለት ጊዜ ተነድፏል። ከመጀመሪያው በኋላ ተራውን ነፈጉት። ከሁለተኛው በኋላ ደግሞ ኮምጣጤ የሚል ስም አወጡለትና ሻይ ሲጠጡ አግዳሚው ላይ አጠገቡ የሚቀመጥ ጠፋ። እነሱ ንቦቹ የነደፉት ቂም ስላለው ነው ይላሉ። እሱ ግን ያውቀዋል፤ መጀመሪያ ሲቆም ልቡ ውስጥ እንዲህ ያለ ነገር አልነበረም። ቂሙ የመጣው ከነደፉት በኋላ ነው። ይህንን ለማን ያስረዳል? ቂመኛ የሚል ስም የወጣለት ሰው ቂም የለኝም ባለ ቁጥር ያው ቂሙን ነው የሚቆጥሩበት።

ታዲያ አንድ ቀን በሻይ ሰዓት አባባ፣ ቤቱን ለረጅም ዘመን በአውራነት የመሩት ሽማግሌ፣ ብርጭቋቸውን አስቀምጠው እጃቸውን ዘረጉላቸው። ጣቶቻቸው ይንቀጠቀጣሉ። መላጊያውም እኔን መታዘዝ ትቷል፤ በዚህ ሳምንት መጨረሻ በቀፎው ፊት የሚቆም ሰው ይታሰብ አሉ። ሁሉም ወደ አማቹ ዞሩ። አማቹ ሳቂታ ነው፤ የሚጠርበውን እየጠረበ ይቀልዳል፣ ሰው የተበደረውን መሮ አይጠይቅም፣ ዘበኛውን እንኳ በልጁ ስም ነው የሚጠራው። አዎ እቆማለሁ አለ። ያኔ ቀቢው ከአግዳሚው ጫፍ፣ «እኔም እቆማለሁ» አለ።

ትራስ ሰፊዋ፣ ሁሉም እትዬ የሚላት ሴት፣ ክሯን በጥርሷ እየበጠሰች ቀና ብላ አየችው። አባባ ጉሮሯቸውን ጠርገው፣ «ልጄ፣ ሦስተኛህ እኮ ነው» አሉት። አውቃለሁ አላቸው።

ለምን እንደሚቆም ለማንም አልነገረም። ሐኪሙ ደረቱን አዳምጦ ከዚያ ክፍል ውጣ፣ ካልወጣህ ሳንባህ ጥሎህ ይወጣል ብሎታል። ሌላ ሙያ የለው፣ ሌላ ቤት የለው። አባባን ቦታ ቀይሩልኝ ብሎ ለምኖ እስቲ እናያለን ሲሉት ዓመት አልፏል። ከዚያ ክፍል የሚያወጣው አንድ በር ብቻ ነበር፤ እሱም በቀፎው ፊት የሚያልፈው። ካልነደፉት በአዳራሹ መስኮት ሥር ያለው ባንኮ፣ አማቹ የሚጠርብበት ጠረጴዛ፣ የእሱ ነው፤ ከነደፉት ደግሞ መንገድ ላይ ነው።

በማግሥቱ ጠዋት ገና ብሩሹን ሳያነሳ አማቹ የክፍሉን በር ገፋ አድርጎ ገባ።

«ጋሼ፣ ይህን ሳምንት እዚህ እኔ ልሥራ፤ አንተ የኔን ባንኮ ያዝ። ደረትህም ትንሽ ይረፍ።»

ቀቢው ብሩሹን እንደያዘ አየው። ስንት ዘመን አንዴም ደረቱን ያላሰበለት ሰው፣ ሊፎካከረው አንድ ሳምንት ሲቀረው ደረቱ ትዝ አለው? ይሄ ነገር ሌላ ነገር አለው አለ በሆዱ። እምቢ ሊል ነበር። ግን እምቢ ካለ ተንኮሉን በምን ያውቃል? እሺ ብሎ መጠበቅ፣ እጁን ከነጣቱ መያዝ ይሻላል። እሺ አለው። ከመውጣቱ በፊት ግን በቫርኒሽ ጣሳዎቹ ክዳን ላይ በእርሳስ ምልክት አደረገ፤ የተከፈተና ያልተከፈተውን ለመለየት። የራሱን ጋዋን በመንጠቆው ላይ አልተወውም፤ ማን ምን እንደሚቀባበት ምን ይታወቃል? ጠቅልሎ ወደ ቤቱ ወሰደው። በምትኩ ከመጋዘን አሮጌ ጋዋን አውጥቶ ለበሰ፤ ናፍታሊን ናፍታሊን የሚል፣ እጅጌው ያጠረ። አማቹ ደግሞ የኋለኛዋን ክፍል ትርፍ ጋዋን፣ በቫርኒሽ ደርቆ እንደ ካርቶን የሚቆመውን፣ ለብሶ ገባ።

ያ ሳምንት ለቀቢው የዕረፍት ሳይሆን የዘበኝነት ሳምንት ሆነ። መስኮቱ ሥር ተቀምጦ የአማቹን መጋዝ ይጎትታል፤ ዓይኑ ግን የኋለኛው በር ላይ ነው። ነፋሱ ደረቱን ሲነካው ደስ ሊለው ይልና ይህም የወጥመዱ መብል ይሆን ብሎ ይተወዋል። መጋዙን ሲያነሳ እጀታውን ይፈትሻል። ሻዩን በራሱ ብርጭቆ ካልሆነ አይጠጣም። አንድ ጠዋት አማቹን ቀፎው ፊት እርጥብ ጨርቅ ይዞ ጣውላዋን ሲወለውል አየው። አገኘሁህ ብሎ እንደ ዋዛ ጠጋ ብሎ ጣውላዋን በጣቱ ዳበሰ፤ ውሃ ብቻ ነበር። ውሃ ብቻ መሆኑ ደግሞ ይብሱን አስጠረጠረው። ሰው በባዶ ውሃ ምን ይሠራል?

ሌላም ያልገባው ነገር አየ። አማቹ ቫርኒሽ ማቅጠኛውን ቲነር የነካ እጁን በጨርቅ አይጠርግም፤ ጋዋኑ ላይ ነው የሚጠርገው፣ ደረቱ ላይ፣ እጅጌው ላይ። ጥርብ ሲሠራ ከሰው ሁሉ ንጹሕ የሆነ ሰው! ወጥቶ ሲያስል ዓይኑ ቀልቶ እንባ እንባ ይለዋል፤ ቀና ብሎ ቀቢውን ሲያይ ግን ያችኑ ሳቁን ይስቃል። ቀቢው ያችን ሳቅ ሌሊቱን ሙሉ ሲያገላብጣት ያድራል። ምን አግኝቶ ነው የሚስቀው?

መቆሚያው ቀን ደረሰ። ሰጋቱራው ተጠርጎ፣ ሁሉም በግቢው ውስጥ ግማሽ ክብ ሠርተው ቆሙ። በዕድሜ ቀዳሚው ቀቢው ስለሆነ መጀመሪያ እሱ ተጠራ። ያንኑ አሮጌ ጋዋን እንደለበሰ ወደ ቀፎው ሄደ። ከጀርባው እምም ሲሉ እምምታቸው ውስጥ እንኳ የሚያሾፍ ድምፅ ለይቶ የሰማ መሰለው። መዳፉን ጣውላዋ ላይ አኖረ፤ ዓይኑን ጨፈነ።

አንዲት ንብ አውራ ጣቱ ላይ ወጣች። ሌላ ተከተለቻት። በጣቶቹ መካከል ሲሄዱ፣ የእግራቸው ጫፍ ፀጉሩን ሲነካ ይሰማዋል። አሁን አሁን ይላል። ምንም የለም። አባባ እጃቸውን አንስተው በቃ ሲሉ ዓይኑን ገልጦ እጁን አየው፤ የራሱ እጅ አልመስልህ አለው። ሰዎቹ ተያዩ። አንዱ ቀስ ብሎ አጨበጨበ፤ ሌሎቹም እንደ መደንገጥ ብለው ተከተሉት።

ከዚያ አማቹ ያንን በቫርኒሽ የደረቀ ጋዋን እንደለበሰ ወጣ። ገና መዳፉን ሳያሳርፍ የቀፎው ድምፅ ተለወጠ፤ ቀጠነ፣ ከረረ። አማቹ ግን እጁን አኖረ። ደጋግመው ነደፉት፤ እጁን፣ አንገቱን፣ አንዷማ ቅንድቡን። ዘለል ብሎ ሲያፈገፍግ እትዬ በትራስ ጨርቅ ሸፍና ጎትታ አወጣችው። ግቢው ውስጥ ሹክሹክታ ተነሳ። ይሄ ሳቂታ? ለካ ሳቁ ለላዩ ነው። ከእንዲህ ያለው ነው መሸሽ። ያ ሁሉ ሰው፣ ትናንት የአማቹን ቀልድ ሲስቅ የነበረው፣ ለእጁ እብጠት አንድ ስኒ ቀዝቃዛ ውሃ እንኳ ሳያመጣ ወደ ቀቢው ዞሮ እንኳን ደስ አለህ ይለው ጀመር።

ቀቢው ደስ ሊለው ይገባ ነበር። ግን ዓይኑ አማቹን ይፈልግ ነበር። የሚያስፈልገውን ሁሉ በአንድ ጠዋት ያገኘ ሰው መጠርጠር የለበትም ያለው ማን ነው?

ሲመሽ ሳይመሽ ወደ እህቱ ቤት ሄደ። ሰው ሲታመም መጠየቅ ወጉ ነው፤ እሱ ግን የሄደው የአማቹን ፊት ሊያይ ነው። አማቹ አንድ ዓይኑ ተደፍኖ፣ እጁ በእርጥብ ጨርቅ ተጠቅልሎ ተጋድሟል። እህቱ ሌላ ጨርቅ ትጨምቃለች። ወንበር ሰጠችው፤ አልተቀመጠም።

«ምን አድርገህ ነው?» አለው።

አማቹ ባላበጠው የፊቱ ጎን ሳቅ ሞከረ። እህቱ ግን ጨርቁን ሳህኑ ላይ ጣል አድርጋ ወደ ወንድሟ ዞረች።

«ወንድም ጋሼ፣ ያን ጊዜ ኪሱን እንድሰፋልህ ጋዋንህን አምጥተህልኝ አልነበር? ቤቱን ሁሉ ሙዝ ሙዝ አሸተተው። ልጆቹ ሙዝ የት አለ እያሉ ጓዳ ገቡ። ቲነሩ ነው። አንተ አፍንጫህ ከሞተ ቆይቷል፤ አይሰማህም።»

እሷም ቀጠለች። ባሏን ነገረችው፤ ባሏ መጀመሪያ ሳቀ፣ ከዚያ ሙዝ የበላውን ያን ጣውላ አራጋፊ አስታወሰ። ለቤቱ ሰው ብናገር ለሚስቱ ወንድም ሰበብ ሊሰጥ ነው ይሉኛል፤ ክፍሉን እኔ ልግባበትና ይዩት አለ። ሳምንቱን ሙሉ ጋዋኑ ላይ ቲነር የጠረገው ለዚህ ነው። ጣውላዋን በውሃ የወለወለው ደግሞ ያለፈው ጊዜ ሽታ ቀርቶባት እንዳይሆን ብሎ ነው።

ቀቢው ይህን ሁሉ ቆሞ ሰማ። እውነት መሆኑን አወቀ፤ ሁለቱም ንድፊያዎች የቲነሩ እንጂ የልቡ አልነበሩም። ስንት ዘመን የፈለገው ይህችን ብቻ ነበር፤ አሁን ደግሞ ከዚህ ሰው እጅ፣ እንዲያውም ካበጠ እጅ፣ መቀበል ሆነበት።

«አውራነቱን አትፈልገውም ነበር?» አለው።

«እፈልገው ነበር፤ ምን ላድርግ ታዲያ።»

«ታዲያ ከእኔ ምንድነው የምትፈልገው?»

አማቹ ያበጠውን ከንፈሩን ነካ ነካ አደረገና አሁን እንቅልፍ ነው የምፈልገው አለው። እህቱ ወንድሟን እስከ በር ሸኘችው። «ነገ ንገራቸው፤ ቂመኛ እያሉት ነው» አለችው።

በመንገዱ ላይ አሰላው። ዝም ቢል አውራ ነው። መስኮቱ የእሱ ነው፣ አየሩ የእሱ ነው። ነገር ግን ውለታው አንገቱ ላይ ይንጠለጠላል፤ ያ ሳቂታ በሳቀ ቁጥር ያችን ያስታውሰኛል ይላል። ነገ ምን እንደሚጠይቀኝ በምን አውቃለሁ? ደግሞ ዝም ካለ እነዚያ ሁለት ንድፊያዎች እንደተጻፉበት ይኖራሉ፤ ልቡ ነጻ የወጣው ዛሬ ነው፣ ያኔ ግን ቂመኛ ነበረ ይላሉ። መስኮት አግኝቶ ስሙ እዚያችው ጨለማ ክፍል ውስጥ ሊቀር ነው። ሰው ስለ እሱ ያለው ነገር ስህተት መሆኑን ዓይናቸው እያየ ሳያስመሰክር መሞት አልፈለገም። ከሳንባውም በላይ የሚያመው ይኸው ነበር።

ጠዋት ሁሉም አዲሱ አውራ ቦታ እንዲመድብ ተሰብስበው ጠበቁት። ማን ወደ ኋለኛው ክፍል እንደሚገባ ሁሉም ያውቁታል፤ አማቹ ራሱ ባበጠ ፊቱ በሩ አጠገብ ቆሟል። ቀቢው ቦታ አልመደበም። የነደፈችው እመ ቀፎ አይደለችም፣ ቲነሩ ነው አላቸው። ቲነሩ ሙዝ ይሸታል። የቤቱ መሥራቾች በሰም ሲወለውሉ ንቦቹ የሚወዱትን ሽታ ነበር ይዘው የሚቆሙት፤ ቫርኒሽ ከመጣ ወዲህ ግን ከዚያ ክፍል ወጥቶ የሚቆም ሁሉ ሙዝ ይዞ እንደመቆም ነው። እኔ አልበደልኳችሁም ነበር፤ እሱም አልበደላችሁም አላቸው።

አባባ በዱላቸው መሬቱን ቆረቆሩ።

«ልጄ፣ ተቀብላህ ሳለ ትከሳታለህ? ይኸው እንግዲህ ቂም ማለት።»

ቀቢው ወደ ኋለኛዋ ክፍል ገብቶ አማቹ የሠራበትን ያንን ደረቅ ጋዋን አምጥቶ በአሮጌው ላይ ደረበው። አማቹ ተው ጋሼ ብሎ ሊይዘው ሲል እጁን አስለቀቀው። ሄዶ መዳፉን ጣውላዋ ላይ አኖረ። እምም ያለለት ሰው አልነበረም።

ወዲያው ነደፉት። ሳያፈገፍግ አፈግፍግ እስኪሉት ቆሞ፣ የሚያብጠውን እጁን ወደ ላይ አንስቶ አሳያቸው። «ትናንት ንጹሕ፣ ዛሬ ቂመኛ? ልቤ ባንድ ሌሊት ተለወጠ?»

ሰዎቹ እጁን አዩ፣ ጋዋኑን አዩ፣ አባባን አዩ። ከኋላ አንዱ በለሆሳስ፣ «ሦስተኛው ነው» አለ። ሌላውም አዎ፣ ሦስተኛው ነው አለ። ቀቢው ጆሮውን አላመነም። ማስረጃውን በእጁ ይዞላቸው ቆሟል፤ እነሱ የሚቆጥሩት ግን ንድፊያውን ነው። ዘበኛው፣ መቼም ትእዛዝ ሳይሰጡት የሚቸኩል ሰው ነው፣ የቀቢውን የመሣሪያ ሳጥን ሊያመጣ ሁለት እርምጃ ሄዶ ነበር።

ያኔ እትዬ መርፌዋን ደረቷ ላይ ሰክታ ተነሳች። ንቦቹ እሷን ያውቋታል፤ ስኳር የበጠበጠች ውሃ የምታስቀምጥላቸው እሷ ናት፣ በየቀኑ በእጇ ላይ ሲሄዱ ሁሉም ያያል። ልቧን የሚጠረጥር የለም። ጋዋኑን ከቀቢው ትከሻ አውልቃ ለበሰችው፤ እስከ ጉልበቷ ደረሰ። ሄዳ እጇን ዘረጋች። ነደፏት።

እጇን እያሸች ስትመለስ ያው ከኋላ የተናገረው ሰው፣ «እሷም ለካ...» አለ።

እትዬ ወደ ድምፁ ዞረች።

«አዎ፣ ቂም አለኝ። ከሁላችሁም ጋር አለኝ። ሻያችሁን ጠጥታችሁ ስትነሱ ብርጭቆውን የማጥበው እኔ ነኝ፤ ተራ የምትሉት ነገር እኔ ጋ ደርሶ አያውቅም። ግን ይሄ ቂሜ ትናንትም ነበረ፣ አምናም ነበረ። አልነደፉኝም።»

ጋዋኑን አውልቃ አግዳሚው ላይ፣ በሁሉም መካከል ጣለችው። «ቂም የሌለው ይልበሰውና ይቁም፤ ከዚያ ይህን ሰው ያስወጣዋል» አለች።

ሁሉም ጋዋኑን ያያሉ። ሰማይ የሚያይ አለ፣ ጫማውን የሚያይ አለ፤ እርስ በርስ የሚተያዩ ደግሞ አሉ፣ አንተ ለምን አትለብስም የሚል ዓይን ለዓይን። ከሁሉ በፊት ሦስተኛው ነው ያለው ሰው መሮውን ለመሳል ውስጥ ገባ። አባባ እጃቸውን ወደ ጋዋኑ ሰደድ አድርገው ነበር። የሚንቀጠቀጡት ጣቶቻቸው እጅጌው ላይ ደርሰው ቆሙ፤ ከዚያ መለሷቸው። ምናልባት እሳቸውም የሚያስታውሱት ቂም ነበር። እስቲ እናያለን፣ ሻዩ ቀዝቅዟል አሉ፤ ሻይ ግን ገና አልፈላም ነበር። ዘበኛውም ወደ በሩ ተመለሰ።

ውጣ ያለው የለም፣ ቆይ ያለውም የለም። አውራ ነህ ያለው የለም፣ አይደለህም ያለውም የለም። ቀቢው ገብቶ መስኮቱ ሥር ያለው ባንኮ ዘንድ ተቀመጠ። የኋለኛዋ ክፍል በር ተከፍቶ ቀረ፤ ትናንት በተቀባው ቁም ሣጥን ላይ አቧራ ሲያርፍ ሁሉም እያየ ማንም ሊዘጋው አልተነሳም። እትዬ የትናንቱን ብርጭቆዎች ከነአተላቸው አግዳሚው ላይ ትታቸው ወደ ትራሶቿ ሄደች።

አማቹ እየተጎተተ መጥቶ ባንኮው አጠገብ ቆመ። በአንድ ዓይኑ አየው።

«ጋሼ፣ መጋዜን ስጠኝ።»

«ሌላስ?»

«ሌላ ምን?»

ቀቢው ባበጠው እጁ መጋዙን አነሳ። እጀታውን ገለበጠ፣ ጥርሶቹን አንድ በአንድ በጣቱ ዳሰሰ፣ ወደ አፍንጫው አስጠግቶ አሸተተው፤ አፍንጫው ምንም አልነገረውም። እንደገና ገልብጦ አየው። ከዚያ ሰጠው።